ለእመት ትርምስ፦ ጋኑን የከደንኩት እኔ ነኝ

ለክብርት እመት ትርምስ
የዕቅድ ሁሉ ባላንጣ፣ የቀለም ሁሉ አዋላጅ
ካሉበት፤ ከሌሉበትም

ክብርት ሆይ፣ ጤናዎ እንደምን ሰነበተ? እኛ ምንም አልሆንንም፤ ችግራችንም ይኸው ምንም አለመሆናችን ነው።

እኔ በወንዙ ዳር ባለው የማቅለሚያ ቤት ከታላቅ እህቴ ጋር ጨርቅ የምነክር ሰው ስሆን፣ በስም ባያውቁኝ እንኳ በሥራዬ ያስታውሱኝ ይሆናል፤ በመጨረሻው ጋን ክዳን ላይ ድንጋይ የጫንኩት እኔ ነኝ።

ዓለም ሲፈጠር ታላላቆችዎ ተራሮቹን በመስመር ደርድረው እጃቸውን ሲታጠቡ፣ እርስዎ ተደናቅፈው በላያቸው በመውደቅዎ ሸለቆና ወንዝ እንዳስገኙልን ሕፃን ሁሉ ያውቃል። ስለዚህ ውለታ ባለሙያ ሁሉ ማታ ሥራውን ሲዘጋ አንድ ነገር ሳይጨርስ ይተውልዎታል፤ አናጢው አንድ ምስማር፣ ጫማ ሰፊው አንድ ቀዳዳ፣ እኛ ደግሞ አንድ ክፍት ጋን። ይህን መስተንግዶ እንዴት እንደተጠቀሙበት በትሕትና ላስታውስዎ።

አንደኛ፣ ዳኛው ለችሎት የሚሆን ጥቁር ካባ አዘውን ሳለ፣ እርስዎ በቸርነትዎ ዳኛው ባንቀላፉ ቁጥር ቢጫ የሚሆን ካባ አስረከቡልን። ባለጉዳዮች በዚህ መንገድ ብዙ ነገር ስለተረዱ ምስጋናቸውን እንዳደርስልዎ አደራ ብለውኛል። ዳኛው ግን የራሳቸውን ምስጋና በአካል መጥተው፣ በራችንን እንደሚያሽጉት በመግለጽ አድርሰውልኛል።

ሁለተኛ፣ የዳቦ ጋጋሪው ሚስት የጠየቀችው ሰማያዊ መጋረጃ ነበር። የሰጧት ማዕበል ያለው ባሕር በመሆኑ፣ ነፋስ በነፈሰ ቁጥር አልጋዋ ይረጥባል። እሷ ቅሬታ የላትም፤ እንዲያውም ባሏን ዋና እያስተማረችው ነው ሲሉ ሰምቻለሁ። ቅሬታው የእኔ ነው፤ እንደ አዲስ ልንከርልሽ ብላት ጭራሽ በሩን ዘጋችብኝ።

ሦስተኛው ሱሪዬን የሚመለከት ሲሆን፣ ስለ ሱሪዬ በአደባባይ ባልናገር እመርጣለሁ።

አራተኛውን ለመጻፍ እጄ ከበደኝ፤ ዋናው ግን እሱ ነው። እህቴ በየማለዳው ፊቷን እንኳ ሳትታጠብ ወደ ጋኑ ትሮጥ ነበር። ሌሊቱን ምን እንዳደረጉበት አይታ ትስቃለች፤ ከዚያ ያንን ቀለም በገዛ እጇ ለማግኘት ስትቀምም፣ ስታበላሽ፣ ስትሳደብ ትውላለች። ደንበኛም የሚመጣው እሷን ብሎ ነበር። እኔ ዕድሜ ልኬን የደከምኩበትን፣ አንዲት ነጠብጣብ የማይገኝበትን ግራጫዬን ቆሞ ያየ ሰው የለም። ዳኛውን ፈርቼ ከደንኩት ብል ያምርብኝ ነበር፤ ነገር ግን ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ ነውና፣ ዳኛው ሰበብ ሆኑልኝ እንጂ ያቃጠለኝ ቅናት ነው። ጋን በጠጠር ይደገፋል ይባላል፤ እኔ ከወንዝ ድንጋይ ተሸክሜ አፈንኩት። ማታ እህቴ ስትወጣ እከድናለሁ፣ ጠዋት ከመድረሷ በፊት አነሳለሁ።

እርስዎም ክብርዎን ጠብቀው ሄዱ። ሥርዓት አያውቁም እየተባሉ የሚታሙት እርስዎ፣ አንድ ክዳን አይተው ያለ አንዳች ሁከት መመለስዎ በእውነቱ የሚደነቅ ጨዋነት ነው። ጋኑን ቢሰብሩት ምን ነበረበት?

አሁን ጨርቁ ሁሉ እንደታዘዘው ይወጣል፤ ዳኛውም ረክተዋል። እህቴ ግን መሮጥ ትታለች። የትናንቱን ውሃ እንዳለ ስታገኘው፣ እርስዎ የሄዱት የእሷ እጅ ስላረጀ ነው ብላ ደመደመች። አንድ ጠዋት በጋኑ ላይ ጎንበስ ብላ፣ «ምን አስቀየምኩዎት?» ስትል ሰማኋት። አይጥ በበላ ዳዋ ተመታ ማለት ይህ ነው። ከበሩ ጀርባ ቆሜ ነበር፤ ገብቼ ልነግራት ይገባኝ ነበር፤ አልገባሁም። ከዚያ ወዲህ መቀመሚያዋን አጥባ ሰቅላ፣ የኔን ግራጫ እያሰጣችልኝ ጎበዝ ነህ ትለኛለች። ይህን ቃል ስመኘው ኖሬ፣ አሁን በሰማሁት ቁጥር ውሃ ልቅዳ ብዬ ወደ ወንዙ እሸሻለሁ።

ስለዚህ ክብርት ሆይ፣ ድንጋዩን ወደ ወንዙ መልሼዋለሁና ይምጡ። ካባውንም ሱሪዬንም እንዳሻዎ ያድርጉ። የሄዱት በእኔ ምክንያት መሆኑን ግን ለእህቴ እርስዎ ይንገሩልኝ፤ እኔ ድፍረቱ የለኝም። ደብዳቤውን መንገደኛ ሁሉ እንዲያነበው በፊት ለፊቱ በር ላይ ለጥፌዋለሁ። እህቴ የምትገባው በጓሮ በኩል ነው።

ከወገቤ ጎንበስ፣ ከዓይኔ ሰበር ብዬ፣ የማይገባኝን ይቅርታዎን ደጅ የምጠና፣

የክብርዎ ታዛዥ
ግራጫ ነካሪው

ድኅረ ጽሑፍ፦ ይህ ወረቀት ሲለጠፍ ነጭ ነበር። ዛሬ እህቴ በፊት ለፊቱ በር መጣች። አነበበችው፣ ነቀለችው፣ መቀመሚያዋን አወረደች፤ ስታበላሽና ስትሳደብ ውላ፣ ወረቀቱን ነክራ መልሳ ሰቀለችው። ቀለሙን እንደሚያዩት ከዚህ በፊት ማንም አላወጣውም፤ ከፊደሉም አንዱን እንኳ አልሸፈነልኝም። እመት መጡ እንዴ ብዬ በደስታ ብጠይቃት፣ የራሷ ሥራ መሆኑን ነገረችኝ፤ ስለዚህ ክብርት ሆይ፣ ለመምጣት አይጣደፉ። የቀለሙን ስም ብጠይቃት ደግሞ፣ «የወንድሜ ፊት» አለችኝ። የዚህ ቀለም ትዕዛዝ ከወዲሁ ስለበዛ፣ ከነገ ጀምሮ በእሱ የምነክረው እኔ ነኝ።