የመሪጌታ ገድሉን ስልክ ስለከፈቱልን የቀረበ ምስጋና

ለተከበሩ የእጅ ስልክ ጥገና ቁጥጥር ጽሕፈት ቤት ኃላፊ
ባሕር ዳር

ክቡር ሆይ፣

ጤናዎ እንደ ወንበርዎ የጸና እንዲሆን፣ ቢሮዎም በዚህ ሙቀት ቀዝቀዝ እንዲልልዎ ከልብ እመኛለሁ። እኔ ቢያዝን እባላለሁ፤ ከመናኸሪያው ጀርባ ያረጁ ስልኮችን ስጠግን የኖርሁ ሰው ነኝ። ሱቄን ካሸጉልኝ ወዲህ ደብዳቤ የምጽፍበት ጊዜ አግኝቻለሁና በዚሁ ምስጋናዬን እጀምራለሁ።

፩ኛ፦ ስለ ጥንቃቄዎ። ጾሙ ከመግባቱ በፊት መሪጌታ ገድሉ ከማዶ ካለው ደብራቸው በጀልባ ተሻግረው አንድ አሮጌ ስልክ አመጡልኝ። የመክፈቻ ቁጥሩን ራሳቸው ቀይረው ረስተውታል። በስልኩ ውስጥ መምህራቸው የኔታ ዓምደ ሚካኤል ከማረፋቸው በፊት ያዜሙት ተቀድቶ ነበር። የዜማው ምልክት በብራናው ላይ እንዳለ፣ ምልክቱን ድምፅ የሚያደርገው ግን አፍ እንደሆነ፣ ያ አፍ ደግሞ አሁን ከዚህ ስልክ በቀር የትም እንደሌለ አስረዱኝ። እንዲህ ያለውን የቆየ ስልክ፣ ውስጡ ያለውን ሳይነካ የሚከፍት ሶፍትዌር ኮምፒውተሬ ላይ ነበረኝ። የስልኩን ካርቶን ከነመለያ ቁጥሩ አይቼ፣ መታወቂያቸውንም ተመልክቼ ሥራ እንደ ጀመርሁ ሠራተኞችዎ ገቡ። ሶፍትዌሩ የሌባ መሣሪያ ነው ብለው ኮምፒውተሩንም ስልኩንም ወሰዱ። ሌባም እንደሚጠቀምበት አልክድም፤ ሌባ በታንኳም ይጠቀማል። መሪጌታ የስልኩ ባለቤት እንደሆኑ ሊያስረዱ ቢሞክሩ፣ የተያዘባቸው ለራሳቸው ደኅንነት እንደሆነ በትሕትና ተነገራቸው። አንድ ሽማግሌ ከገዛ ስልኩ እንዲህ ተግቶ ሲጠበቅ አይቼ አላውቅም ነበር፤ አመሰግናለሁ።

፪ኛ፦ ትዕግሥትን ስላስተማሩን። ጾሙ እስኪፈታ መሪጌታ ሐይቁን እየተሻገሩ፣ እኔም እያጀብኋቸው ተመላለስን፤ እርስዎም ስብሰባ ላይ ነበሩ። በማመልከቻችን ላይ በስልኩ ውስጥ የሟች ድምፅ ስላለ ማንም እንዳይነካው ለመንን። ማመልከቻው መድረሱን አውቀናል፤ ማኅተም ተመትቶበታልና።

፫ኛ፦ በመጨረሻ ተጠራን። ባለሙያዎ ስልኩን በሁለት እጃቸው ይዘው፣ ለማጣራት ሲባል መክፈት ማስፈለጉን፣ መከፈቱንም ፈገግ ብለው ገለጹልን። በእርግጥም ተከፍቶ ነበር። ከፋብሪካ እንደ ወጣ ዕለት፣ ቋንቋ እንድንመርጥ ጠየቀን። ፎርማት አድርገው ውስጡ የነበረውን ሁሉ እንዳጠፉት ያን ጊዜ ገባኝ። መሪጌታ አማርኛን መረጡ። ድምፁን ፈለጉ፤ ደግመው ፈለጉ፤ ባዶ ነበር።

«እኔስ እንዲሰማ ነበር እንጂ እንዲከፈት አልነበረም የፈለግሁት» አሉና ባለሙያዎን አመስግነው ወጡ።

ወደ ሐይቁ ሸኘኋቸው። ጀልባ ስንጠብቅ አንዱን ዜማ በዝግታ ጀመሩ፤ መካከሉ ላይ ሲደርሱ ቆሙ። እንደገና ከመጀመሪያው ተነሡ፤ እዚያው ላይ ቆሙ። ከዚያ በኋላ ጋቢያቸውን ወደ ትከሻቸው ሰብሰብ አድርገው ውኃውን ሲያዩ ቆዩ። ስለዚህኛው እንዴት እንደሚመሰገን ስለማላውቅ ቁጥሩን እዚህ ላይ አቆማለሁ። ሙግትም አልጀምርም፤ ደክሞኛል።

ማኅተምዎ አይደብዝዝ፣ ስብሰባዎም አይጓደል እያልሁ፣ በሱቄ በር ላይ ከለጠፉት ወረቀት ሥር ዝቅ ብዬ እጅ እነሣለሁ።

አክባሪዎ፣
ቢያዝን፣ የቀድሞ ስልክ ጠጋኝ

ማስታወሻ፦ ባለፈው ሳምንት ከራስዎ ቢሮ አንዲት ሠራተኛ፣ የእናታቸው ፎቶ ያለበት አሮጌ ስልክ ተቆልፎባቸው ቤቴ ድረስ መጡ። መሣሪያዬ እናንተ ዘንድ እንደሆነ፣ ቢሮው ራሱም ስልክ እንደሚከፍት ነገርኋቸው። «እዚያማ አልሰጥም፤ ያጠፉብኛል» ብለው ስልካቸውን ወደ ቦርሳቸው መለሱት።