ሦስት ቀን በመሳቢያዬ ያደረ ክስ

ለማከብርዎ ታላቅ ወንድሜ፣

ጋሼ፣ እንዴት ሰነበቱልኝ? ጉልበትዎስ እንዴት ሆነ? ደረጃውን ያለ ደጋፊ መውጣት ጀመሩ ወይስ እንደ ልማድዎ «ደህና ነኝ» እያሉ ይሸነግሉኛል? እትዬስ ዓይናቸው ተሻላቸው? ልጆቹስ? እኔ ከአካሌ ደህና ነኝ። ከሌላው ግን ደህና አይደለሁም፤ መልሴም የዘገየው ለዚህ ነው።

በደብዳቤዎ «ያን ደግ አለቃሽን ጡረታህን ይባርክልህ ብሏል በይልኝ» ብለውኛል። ሰላምታዎን አላደረስኩም። እርስዎ ባመሰገኑት ቁጥር እኔ አፍራለሁና ምክንያቱን ልንገርዎ።

መጥረጊያ ከእጄ አስጥሎ መዝገብ ቤት ያስቀመጠኝ እሱ ነው። በዚህ ዕድሜዬ ፊደል ልቆጥር ማታ ትምህርት ስገባ ሰው ሁሉ «አሮጊቷ ተማሪ» እያለ ሲስቅብኝ እሱ አልሳቀም። ይህን አልክድም። ድሮ «እሳቸው» እለው ነበር፤ አሁን አፌ እምቢ አለኝ።

ባለፈው ወር ሻይ አፍያችንን፣ ሁለት ልጅ ብቻዋን የምታሳድገዋን ሴት፣ ሻዩ ቀዝቅዟል ብሎ በጥፊ መታት። ስብሰባ ላይ ቆይቶ ያቀዘቀዘው እኮ ራሱ ነው። ግራ ጆሮዋ ዛሬም በደንብ አይሰማም። ከሰሰችው፤ የዲሲፕሊን ክሱም በግል ማህደሩ እንዲገባ ወደ እኔ ተላከ። በደንባችን ክስ ያለበት ሠራተኛ ጉዳዩ ሳይታይ በገዛ ፈቃዱ ጡረታ አይወጣም። የጡረታው ወረቀት ሲዞር «በማህደሩ ውስጥ ክስ የለም» ብላ የምትፈርመው መዝገብ ያዧ ናት። መዝገብ ያዧ ደግሞ እኔ ነኝ።

ክሱ በደረሰኝ ቀን አለቃዬ መጣና በሩን ገርበብ አድርጎ «እናቴ፣ ሦስት ቀን ብቻ መሳቢያሽ ውስጥ ይደር። ሠላሳ ዓመት ካገለገልኩበት ቤት በአንዲት ሻይ አፍይ የተነሳ አንገቴን ደፍቼ ልውጣ?» አለኝ። ማን ሰው እንዳደረገሽ አትርሺ አላለኝም፤ ማለትም አላስፈለገውም። ያጎረሰኝን እጅ እንዴት ልንከስ ብዬ ፈረምኩ። ውሸት አልጻፍኩም፤ ክሱ በእርግጥም በማህደሩ ውስጥ አልነበረም። ከጣት አሻራ ወጥቼ መፈረም የተማርኩት ለዚህ ኖሯል።

በአራተኛው ቀን ክሱን ማህደሩ ውስጥ አስገባሁት። ሰውዬው ግን ወጥቷል። ኮሚቴው «ተከሳሹ ሠራተኛችን አይደለም» ብሎ ዘጋው። በሽኝቱ ዕለት መጠጥ የምታቀርበው ያችው ሻይ አፍይ ነበረች። እሱ ስለ ታማኝነት ሲናገር እኔ አጨበጨብኩ፣ ጋሼ። አየችኝ።

በማግስቱ መጥታ «እማማ፣ ወረቀቴ የደረሰዎት ቀን መቼ ነው?» አለችኝ። አላስታውስም አልኳት። «መዝገብዎ ላይ ቀን ይጻፋል ሲባል ሰምቼ ነበር» ብላ ወጣች። ይህን ያለችው በቁጣ አልነበረም፤ ብትቆጣ ይሻለኝ ነበር።

ሰኞ ዕለት መዝገቡን ይዤ፣ ያደረግሁትን በእጄ ጽፌ ለኮሚቴው ሰጠሁ። የሰው ኃይል ክፍሏ ልጅ ወዲያው የጡረታ ቅጽ ይዛ ተከተለችኝና «እማማ፣ ዕድሜዎ ደርሷል፤ ክሱ ሳይመሠረት ይሙሉትና በክብር ይውጡ» ብላ አንሾካሾከችልኝ። እሱ የወጣበት በር መሆኑ ነው። አልዋሽዎትም፤ ቤቴ ወስጄ ስሜን ጽፌበት ነበር። ጠዋት ግን መለስኩላት። አሁን ክሱ ደርሶኛል፤ ማክሰኞ እቀርባለሁ። ከሥራ ሊያሰናብቱኝ ይችላሉ። የሻይ አፍይዋ አቤቱታ እንደገና ይታይ እንደሆነም የነገረኝ የለም።

ይቅርታ ጠይቄያታለሁ። «እሺ» አለችና ሻዬን አስቀምጣ ሄደች። ይቅር ትበለኝ አትበለኝ አላወቅሁም፤ ልጠይቃትም አልደፈርኩም።

እትዬን ጉልበታቸውን ስመው ሰላም ይበሉልኝ። ለወንዱ ልጅዎ ናፍቆቴን፣ ለትንሿ ጉንጯን ቆንጠጥ አድርገው ሰላምታዬን ያድርሱልኝ። ታላቋ ልጅዎ መሥሪያ ቤት ተቀጠረች ብለውኛል፤ ይቅናት። ስለ እኔ ከጠየቀችዎ ግን ጡረታ ወጣች አይበሏት፤ ይህን ደብዳቤ ይስጧትና ታንብበው።

ያሳፈረችዎ እህትዎ

ከመዝገብ ቤት፣ በምሳ ሰዓት
ግንቦት 19 ቀን