የመንገደኛው ቁራሽ

ጥቅምት 8። ጠዋት 1 ሰዓት።
ማር ዘጠኝ ጣሳ፣ አንዱ ያፈስሳል። ገብስ አራት ኩንታል። ጨው አልቋል። ጎብኚ ከጠፋ ቆየ።
የጓሮውን ክፍል የተከራየችው ዶ/ር ሰናይት ገና በጠዋቱ ሥራ ላይ ናት። በንግሥት ቪክቶሪያ ዘመን እንግሊዞች ስለ አገራችን የጻፉትን ትመረምራለች። አብረዋቸው የተጓዙትን የእኛን ሰዎች እየፈለገች ነው። ደብተሬ፣ ለምን እንደሚጠቅም አልገባኝም። ጨዋ ተከራይ ግን ናት።

ጥቅምት 11። 8 ሰዓት።
ዝናብ። ገበያ የለም። ሰናይት የአንድ እንግሊዛዊ መንገደኛ መጽሐፍ እየተረጎመች አነበበችልኝ። ከላስታ ከነበቅሎው የቀጠረው አንድ ጫኝ ነበረው። ቶም ብሎ ይጠራዋል። የግራ ትንሿ ጣቱ በማጭድ የተቆረጠች። ከባሕሩ ጠረፍ ሲደርሱ በንዳድ ሞተ።
ሚዛኑን አስቀመጥሁ። የኛው ሰው ነው። የአክስቴ የእማሆይ ጥሩነሽ አያት አጎት፤ ጣቱ የጎደለው፣ ከፈረንጅ ጋር ወጥቶ የቀረው። ሞቱን የነገረን የለምና እርሙ አልወጣም። ፍትሐት አልተደረገለትም። በየድግሱ ዳቦ ሲቆረስ ለመንገደኛው ተብሎ አንድ ቁራሽ ይቀመጣል። ብክነት ነው እል ነበር።

ያው ዕለት፣ 11 ሰዓት።
በመጽሐፉ ለሰውየው ሞት ሁለት መስመር። ለበቅሎዋ ሞት ሙሉ ገጽ። ሰናይት ተጨንቃለች፤ ይህን ለእማሆይ እንዴት ልናገር ትላለች። እማሆይ ታመዋል። ቢሰሙ ይጎዳሉ። ባይሰሙ እየጠበቁ ይሞታሉ።
ይነገራቸው አልሁ። ሳይቀነስ።

ጥቅምት 12። ረፋድ።
መርዶ በማለዳ ነውና 12 ሰዓት ላይ ደረስን። እማሆይ ገና ሲያዩን፣ “አንተ አያሌው፣ በዚህ ሰዓት ማን ሞቶ ነው?” አሉ። ነገርኋቸው።
“ውሃ ያቀመሰው ነበር፣ ልጄ?”
ሰናይት እንግሊዛዊው ይህን አልጻፈውም አለች። ስለ በቅሎዋ ግን ገጽ ሙሉ መጻፉን አልደበቀችም።
“ደግ አደረገ! እሷም የኛው ናት” ብለው ሳቁ። ሳቁ ሳያልቅ ልቅሶ ሆነ።
ሰናይት የክርስትና ስሙን ጠየቀች። ወልደ ገብርኤል። “ቶም” ከሚለው ጎን ጻፈችው። እሷ ሞቱን ይዛ ስም ስትፈልግ፣ እኛ ስሙን ይዘን ሞቱን ሳናውቅ ኖርን።
ልንወጣ ስንል እማሆይ ቁራሹን ከእንግዲህ አታስቀምጡ አሉ።

ያው ዕለት። ከምሳ በኋላ።
ደብተሬ፣ ብክነት ነው ያልሁት እኔ ነኝ። ዛሬ ዳቦ ስቆርስ አንዱን ለብቻ አኑሬዋለሁ። ሳየው ቆየሁ። ማንሳት አቃተኝ።
ነገ፦ ማር ሁለት ጣሳ ለሆቴሉ። ጨው። ጧፍ መግዛት። ነአኩቶ ለአብ ቤተ ክርስቲያን ሄዶ ስሙን ለፍትሐት ለቄሱ መስጠት።