አህያውን አንቱ ያልክበት ፊልም

አባዬ፣ የኔ ለፍላፊ፣

ከተለየኸን ሁለተኛው ፋሲካ አለፈ። እኛ ደህና ነን። ራስ መኮንን ድልድይ አጠገብ የነበረው ቪዲዮ ቤትህ ፈርሷል፤ ሰፈርተኛውም ተበትኗል። ለእኛ ኮንዶሚኒየም ደርሶናል፣ አራተኛ ፎቅ። እማዬ ደረጃውን እየረገመች ትወጣዋለች። ዕቃህን ለሰው ሰጠን፤ ያችን ፊልም ግን ማን ነክቷት!

መጀመሪያ ያሳየህበትን ቀን ታስታውሳለህ? ድሃው ልጅ ከአንካሳ ውሻና ከአህያ ጋር የሚበላ ፍለጋ ይንከራተታል፤ ድምፅ ግን የለም። ፊልሙ ከመጀመሪያውም ድምፅ አልባ ሆኖ መሠራቱን ማን አውቆ? ሰዉ «ድምፅ!» እያለ አግዳሚውን ደበደበው። አንተም ማሽኑ የተበላሸ መስሎህ ገመድ ስትነቅል ስትሰካ ቆየህና፣ ሲያቅትህ ተነስተህ ራስህ ድምፅ ሆንክላቸው። ልጁን በአራዳ ቋንቋ አስለፈለፍከው። ውሻውን አንተ፣ ፖሊሱን አንተ፣ አህያውን ግን አንቱ! ልጁ መንገድ ለቆ «ጌታዬ፣ ይለፉ» ሲለው ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ለምን አንቱ እንዳልከው ስጠይቅህ፣ ሸክም የተሸከመ ሁሉ አንቱ ይባላል አልከኝ። እኔ ቀልድህን መስሎኝ ነበር።

ባለፈው እሁድ ፊልሙን ለግቢው ልጆች ላሳይ ተነሳሁ። ወንድሜ ሙዚቃ እናስገባበት ቢለኝ እምቢ አልኩ። ያንተ ጨዋታ ከሌለበት ፊልሙም ከቪዲዮ ቤቱ ጋር ፈረሰ ማለት ነው፤ እኔ እያለሁ ይሄ አይሆንም! የግቢው የጋራ ቤት፣ ኮሙናሉ ውስጥ አንሶላ ሰቀልን። ገና ሲጀምር ልጆቹ ምን ቢሉ ጥሩ ነው? «ድምፅ!» እማዬ ሳቋ አመለጣት። እኔም ብድግ አልኩ። ድምፄ እንዳንተ ባይጎላም ምላሴ ያንተው ነው፤ ለፈለፍኩት! አህያው ዘንድ ስደርስ ልጆቹ መጀመሪያ እርስ በርስ ተያዩ፣ ከዚያ በሳቅ ተንከባለሉ።

በነጋታው ሲሚንቶ የተጫነ አህያ በግቢያችን በር ሲያልፍ፣ እነዚያ ልጆች ኳሳቸውን አቅፈው ጥግ ያዙና «ጌታዬ፣ ይለፉ» አሉት። ባለአህያው ግራ ገብቶት ዞር ዞር አለ። እኔ እዚያው ቆሜ አለቀስኩ፤ ደስ ብሎኝ ነው አባዬ።

ሁላችንንም ተሸክመህ የፒያሳን ዳገት ስትወጣ ስትወርድ፣ እኔ ዕድሜዬን ሙሉ አንተ ስልህ ኖርኩ። ፍቅር ነው፤ ወደፊትም አንተ እልሃለሁ። ዛሬ ግን አንዴ ፍቀድልኝ። ለፍላፊዋ ልጅዎ እስካለች ድረስ ድምፅዎ አይጠፋም፤ አይረሱም።

ጌታዬ፣ ይለፉ።