ዝናብ የፈረደለት ቦይ

ግንቦት 6፣ ጠዋት 12፡30
ዛሬም ቦዩ ደረቅ። የውሃ ተራው የእኔ ነበር። ጎረቤቴ ሰይድ ከላይ በድንጋይና በጭቃ ደፍኖታል፤ ውሃው ሁሉ ወደ እሱ ሽንኩርት። አባቴ የተከላቸው ስድስት ብርቱካኖች ቅጠላቸው ተጠቅልሏል። ብናገረው ሳቀብኝ። ሳቀ! ዝም የምል መስዬዋለሁ፣ ደብተሬ።

ግንቦት 8
ፍ/ቤት ሄድኩ። ቦዩን እንዳይዘጋ ይታገድልኝ ብዬ አመለከትኩ። ለ15 ተቀጠረ። መርሳ ከተማ ላይ ወደ ግራና የሚመልሰኝ ባጃጅ ስጠብቅ ዋልኩ። ሰባት ቀን! ዛፍ ቀጠሮ ያውቃል እንዴ?

ግንቦት 14
የሰይድ እናት አረፉ። አላህ ይማራቸው፣ ደግ ነበሩ። ለቅሶ ቤት ዋልኩ፣ ንፍሮ ቀቀልኩ። ሼህ እንድሪስ ሽማግሌዎቹን አስከትለው ጠሩኝ። ሐዘንተኛ ፍ/ቤት አይቆምም፣ ቀጠሮውን አስረዝሚው፣ እኛ እናስታርቃችኋለን አሉ። የአባቴ ባልንጀራ ናቸው። እንዴት እምቢ ልበላቸው?

ግንቦት 15
ራሴ ዳኛውን ለመንኩ። ለሰኔ 20 ተራዘመ። በገዛ አፌ! ቦዩ እንደተደፈነ ነው። ተራ የሚያካፍሉት የውሃ አባት የሐዘንተኛ ድንጋይ አላነሳም አሉ። እኔም ልንደው ሄጄ አፍሬ ተመለስኩ።

ሰኔ 9
ሽማግሌ የለ፣ ውሃ የለ። ፍሬው ጥሬውን ረገፈ። ከወንዝ በጀሪካን ተሸከምኩ፣ ወገቤ ተቆረጠ፤ ለስድስት ዛፍ ምን ሊሆን? ሼህ እንድሪስ የእናቱ ሰደቃ ይለፍ አሉኝ። ይሉኝታዬን ይድፋው!

ሰኔ 17
ዘነበ። ሲያወርደው ዋለ። ጎርፉ የሰይድን ድንጋይ ጠርጎ ወሰደው። የትልቁን ብርቱካን ግንድ በጥፍሬ ፋቅኩት። ውስጡ ደርቋል። የሌሎቹም።

ሰኔ 20
ዳኛው ውሃው ይሄዳል ወይ ብለው ጠየቁኝ። ይሄዳል አልኩ፣ ምን ልዋሽ። ትእዛዙን አነበቡት፦ ቦዩ ስለተከፈተ የሚታገድ ነገር የለም፤ አቤቱታው የሚያስገኘው ሕጋዊ ጥቅም ስለሌለ መዝገቡ ተዘግቷል። ዛፎቼስ ብል፣ እሱ ሌላ ክስ ነው አሉኝ። የከፈተው ሰይድ ነው እንዴ? ዝናብ ነው! ሰይድ ውጭ ሲያገኘኝ እንኳን ውሃው መጣልሽ አለኝ። ወላሂ፣ በጫማ ልለው ነበር።

ሰኔ 22
አዲስ ክስ አስጻፍኩ፣ የካሳ። ሼህ እንድሪስ ሰው ላኩብኝ፤ ውሃውም መጥቷል፣ ነገሩም አልቋል፣ ነገ ከዙሁር ሶላት በኋላ እናስታርቃችሁ ብለው። ይምጡ። ልጄ ቤት ውስጥ ምንጣፍ ላንጥፍ አለች። ተቆጣኋት። አባቴ እያለ ሽማግሌ የሚቀመጠው ትልቁ ብርቱካን ስር ነበር። ነገም እዚያው ነው። ፀሐይ ይሁን ዝናብ፣ እዚያው። ጥላ ሲያጡ ቀና ብለው ያዩታል።