ሳትጠራ ለተቀበርከው አባቴ

አባየ፣ መቃብር ሰላምታ ይሰማል ስትለኝ ስለኖርክ፣ አሰላሙ አለይኩም። ከተለየኸን ዓመት ከሁለት ወር ሆነን። እስከ ዛሬ አንዲት መስመር ያልጻፍኩልህ ረስቼህ አይደለም፤ አፍሬ ነው። አሁን ግን የምነግርህ አገኘሁ።

ቤቱ ደህና ነው። እማየ ጉልበቷን ያማታል እንጂ ትንቀሳቀሳለች፤ ጋቢህን ለማንም አልሰጥም ብላ ራሷ ትለብሰዋለች። እኔም ያው ደሴ ነኝ፤ ከፒያሳ ሰኞ ገበያ ባጃጄን እነዳለሁ። መንደራችን ሾላ ሜዳም እንደተውካት ናት፤ ከታች መስጊዱ፣ ከላይ ሚካኤል፣ መሃል ላይ ጠሪ ያጣው ድንጋይህ።

የቅሬያችንን ነገር ስታወራኝ በአንድ ጆሮዬ ሰምቼ በሌላው ነበር የማፈሰው። ሌላው አገር እድር የሚለው የእኛ ቅሬ ድንኳኑ በመስጊዱ፣ ቃሬዛውና ምንጣፉ በሚካኤል ዕቃ ቤት ይቀመጣል። የድሮዎቹ ሆን ብለው ነው አልከኝ፤ እስላሙም ክርስቲያኑም የሌላውን በር ሳያንኳኳ ሰው መቅበር እንዳይችል። አንተ ደግሞ የቅሬው ጠሪ ነበርክ። ሰው ሲሞት ድንጋዩ ላይ ወጥተህ ሟቹን ብቻ ሳይሆን አባቱን፣ አያቱን፣ ከየት መጥቶ የትኛውን ማሳ እንዳቀና ሳይቀር ትጠራለህ። የሾላ ሜዳ ታሪክ የትም አልተጻፈም፤ ያንተ ጉሮሮ ውስጥ ነበር። እማየ፣ ሬሳው መቃብር ደርሶ አንተ ገና ቅድመ አያቱ ላይ ነህ እያለች ትስቅብህ ነበር። አብረሃት ትስቃለህ፣ ግን አንድ ስም አትዘልም።

አንተ የሞትክ ለት አጉል ከተሜነት ያዘኝ። ሰው ላላስቸግር ብዬ ድንኳንና ምንጣፍ ከኮምቦልቻ ተከራየሁ፤ ቃሬዛውንም በመኪና ተካሁት። ጥሪውን በስልክ መልእክት ልኬ ተገላገልኩ። ለካ ላይኛው ሰፈር መብራት ከጠፋ ሦስት ቀኑ ነበር፤ የሁሉም ስልክ ሞቷል። የሚጎድለኝ ዕቃ ስላልነበረ ደግሞ የሚካኤልን በር ያንኳኳ አልተገኘም። ከዙህር በኋላ ቀበርንህ። የላይኞቹ ከመንገደኛ ሰምተው ቃሬዛውን ተሸክመው እየሮጡ ሲደርሱ መቃብርህ ተደፍኗል። አብሮህ ያደገው አያ ደምሴ አካፋውን እንደያዘ ቆሞ አየኝ። አንድ አካፋ አፈር እንኳ አላስተረፍክልኝም አለኝ። ከዚያ ወዲያ ሰላምታዬን አልመለሰም።

ጥፋቱ የመብራቱ ነው ብዬ ራሴን ላታልል ሞክሬ ነበር። ወላሂ የእኔ ነው። አገር ሙሉ ስትጠራ የኖርከው አንተ ሳትጠራ ተቀበርክ። አፉ በለኝ አባየ።

ባለፈው ማክሰኞ አያ ደምሴም አረፈ። ልጁ አበበች ገና ሲነጋ ደወለችልኝ። የሰይድ ልጅ ድንጋዩ ላይ ወጥቶ ሳይጠራኝ እንዳትቀብሩኝ ብሏል አለችኝ፤ በስምህ እኔን መጥራቱ ነው። ባጃጄን አቁሜ በሚኒባስ ኮምቦልቻ፣ ከኮምቦልቻ ሐርቡ፣ ከሐርቡ በእግሬ ሮጥኩ። መንገዱን ሁሉ ያስጨነቀኝ አንድ ነገር ነው፤ ከአባቱ ከወልዴ በላይ ማንን እንደምጠራ አላውቅም። አበበች ድንጋዩ ስር ጠብቃ፣ ታሞ ሳለ በራሱ እጅ የጻፈው ነው ብላ የደብተር ቅዳጅ ሰጠችኝ።

ወጣሁ። ቅሬ ስማ አልኩ። ደምሴን ጠራሁ። የደምሴን አባት ወልዴን፣ የወልዴን አባት ይማምን፣ የይማምን አባት አሊን፣ ክፉ ቀን ከላይ አገር አባርሮት መጥቶ ሾላው ስር የሰፈረውን። ስሞቹ እዚያ ላይ አለቁ። ከግርጌው አንዲት መስመር ብቻ ቀርታለች። ከዚህ ወደ አባትህ ውረድ ትላለች።

ያን ጊዜ ትዝ አለኝ። አሊ ያንተም ቅድመ አያት ነው። አንዱ ልጁ የላይኛውን ቤት፣ አንዱ ልጁ የታችኛውን ቤት ወለደ እያልክ ስንት ጊዜ ነግረኸኛል። አያ ደምሴ ዓመት ሙሉ ቂም ይዞብኛል ስል፣ መንገድ ሲጠርግልኝ ከርሟል። ወረድኩ አባየ። የአሊን ልጅ እንድሪስን፣ የእንድሪስን ልጅ ሙሄን ጠራሁ። የሙሄ ልጅ ሰይድ ስል ግን አለቀስኩ፤ ደግሜ ጠራሁህ። ከታች ድንኳኑን፣ ከላይ ቃሬዛውን ይዘው የመጡት ሁሉ ባሉበት ቆመው ጠበቁኝ። ገና ነህ ያለኝ የለም።

ቀብሩ ላይ አካፋ ተቀብዬ አያ ደምሴን አፈር አለበስኩት። ከሰው ሁሉ መጨረሻ ከመቃብሩ የተመለስኩት እኔ ነኝ።

አሁን ጁምዓ ጁምዓ እየመጣሁ ስሞቹን እማራለሁ። የምታስተምረኝ እማየ ናት፤ ለካ ስትስቅብህ የኖረችው አንድም ስም ሳያመልጣት ነው። የሰፈሩን ሁሉ በደብተር ይዣለሁ፤ ስሳሳት ትቆጣኛለች፣ እንደገና ከአሊ ጀምር ትለኛለች። የሌላውን ስም ለጊዜው ከደብተር አነባለሁ። ያንተን ግን በሕይወት እስካለሁ ድረስ ደብተር ሳልገልጥ እጠራዋለሁ።