ሉዋን ወንዙን ሲሻገር

ለውድ እናቴ፣

እንደምን ሰነበትሽልኝ? ጉልበትሽ በዝናቡ ባሰበት? ሩዙስ ከጎርፉ ተረፈ? እኔ ከሳል በቀር ደህና ነኝ። በፖስታ ያልላክሁልሽ ሌላ ሰው ቀድሞ እንዳያነበው ፈርቼ ነው። ይህን ያመጣችልሽ የዓሣ ስጎ ነጋዴ ማንበብ አትችልም። ስትጨርሺ ምድጃ ውስጥ ክተቺው።

እማዬ፣ ሥራዬን ስትጠይቂኝ “ፊልም እቆርጣለሁ፣ እቀጥላለሁ” ስልሽ፣ “ታዲያ ልብስ ሰፊ ሆነሻላ!” ብለሽ ትስቂብኛለሽ። ሀኖይ ገብቼ ይህን ሥራ ከያዝኩ ዘጠኝ ዓመቴ ነው። ስጀምር የተበጠሰ ፊልም በሙጫ አጣብቅ ነበር፤ ዛሬ ከግንባር የሚመጣው ቀረጻ ሁሉ በእጄ ያልፋል። ያየነውን ለማንም ላንናገር ፈርመናል። አንዲት ባልደረባዬ የጎረቤቷን ልጅ በፊልም አይታ ለእናቱ በመንገሯ ለጥያቄ ተወሰደች፤ ወንበሯ እስከ ዛሬ ባዶ ነው።

ማክሰኞ ጠዋት ከግንባር አንድ ጥቅል ፊልም መጣ። ወታደሮች ወንዝ ይሻገራሉ። ከፊት ሦስተኛው ወታደር ወንድሜ ሉዋን ነው! ውሃው ደረቱ ደርሶ፣ ጠመንጃውን ከራሱ በላይ ይዞ፣ ወደ ካሜራው ዞር ብሎ ሳቀ። ከስቷል። የተሸረፈችው የፊት ጥርሱ ግን ያችው ናት። ሰባት ወር ሙሉ ደብዳቤውን የጠበቅነው ልጅ! በደስታ ልጮህ ስል አፌን በእጄ ያዝኩ።

ጥቅሉ ግን አላለቀም ነበር።

የቀረውን ብቻዬን አየሁት። የአውሮፕላን ማስጠንቀቂያ ጮኾ ሰው ሁሉ ወደ መጠለያው ጉድጓድ ሲሮጥ እኔ አልሰማሁም አሉ።

ከሰዓት በኋላ አለቃዬ ጓድ ቪየን መጥቶ፣ “ከወንዙ በኋላ ያለው ይውጣ፤ ሕዝቡ እንዲህ ያለ ነገር ማየት የለበትም” አለኝ። በገዛ እጄ ቆረጥኩት፣ እማዬ። ሳቁን ግን አንዲት ቅንጣት ሳልነካ ተውኩት።

ሐሙስ ፊልሙን ስናሳየው ጓድ ቪየን አስቆመና፣ “ይህ ልጅ ምን ይህን ያህል አቆየው? ታውቂዋለሽ እንዴ?” አለኝ። “ኧረ አላውቀውም፣ ሳቁ ደስ ብሎኝ ነው” አልኩት። ወንድሜን ካድኩት! እሱን አየ፣ እኔን አየ። “በአገጭ ትመሳሰላላችሁ” አለ። ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ “ይቆይ። አንቺ ግን ከመውጣትሽ በፊት ፊትሽን ታጠቢ” አለኝ። አዝኖልኝ ይሁን መዝግቦብኝ አላውቅም። ኮቴ በሰማሁ ቁጥር ልቤ ይከዳኛል።

ፊልሙ በሚመጣው ወር እናንተም መንደር ሜዳው ላይ ይታያል። ፊት ተቀመጪ። ሲስቅ እዪው፣ ጥገቢው፤ ግን ስሙን አትጥሪ፣ አታልቅሺ። ወንዙን ከተሻገረ በኋላ ወዴት ሄደ ብለሽ እኔን አትጠይቂኝ። የመንደሩ ሹማምንት ወረቀት ይዘው በመጡ ቀንም፣ ከእኔ ምንም እንዳልሰማሽ ሁኚ።

የአያቶቻችን መንፈስ ከአጠገብሽ አይራቅ። እድሜሽን ያርዝምልኝ።

ለሉዋን የጀመርሽውን ሹራብ እጅጌውን አሳጥሪና በእኔ ልክ ጨርሺው።

ልጅሽ